ባዶው ወንበር ሲናገር
(አንድ አንጋፋ የስፖርት ጋዜጠኛ ለወጣት የሙያ ባልደረቦቻቸው ካደረጉት ንግግር)

የሙያ ልጆቼ!

ስለ ኳስ እንዳወራ ነው የጠራችሁኝ። አወራለሁ። ግን ስለሚለጋው እግር ሳይሆን ስለሚናገረው አፍ ነው። ዓመቶቹን በፈረንጆቹ አቆጣጠር እጠራለሁ።

ጋሪ ሊኒከርን መቼም ታውቁታላችሁ። በ1986 በሜክሲኮው የዓለም ዋንጫ 6 ጎል አግብቶ ኮከብ ግብ አግቢ የሆነው እንግሊዛዊ ነው። ለሀገሩ በ80 ጨዋታ 48 ጎል አገባ። በተጫዋችነት ዘመኑ ሁሉ ቢጫ ካርድ እንኳ አይቶ አያውቅም! ይህ ጨዋ ሰው ነው ጫማውን ሰቅሎ ማይክራፎን የጨበጠው። ከ1999 ጀምሮ የቢ.ቢ.ሲ.ን «ማች ኦፍ ዘ ዴይ» መራ። የትውልድ ከተማው ክለብ ሌስተር የሊጉን ዋንጫ ከበላ በውስጥ ሱሪ እቀርባለሁ ብሎ ነበር። በ2016 ሌስተር በላ፤ ሰውየውም ቃሉን አክብሮ በውስጥ ሱሪ ቀረበ!

በማርች 2023 ግን ሣቁ ቆመ። የእንግሊዝ መንግሥት በትናንሽ ጀልባ ባሕር የሚሻገሩ ስደተኞችን የሚያግድ ሕግ ይዞ ብቅ አለ። ከተሻጋሪዎቹ መካከል የኛው የአፍሪካ ቀንድ ልጆችም አሉበት። ሊኒከር የመንግሥት አነጋገር የ1930ዎቹን ጀርመን ያስታውሳል ብሎ በትዊተር ጻፈ። ጉድ ፈላ! ጣቢያው የገለልተኝነት ደንቤን ጥሷል ብሎ ከወንበሩ አነሳው።

አሁን ልብ በሉልኝ። ኢያን ራይት እኔም አልቀርብም አለ። አለን ሺረር ተከተለ። ኮሜንታተሮቹም እንዲሁ። ቅዳሜ ማታ ፕሮግራሙ ያለ አቅራቢ፣ ያለ ተንታኝ 20 ደቂቃ ብቻ ታየ። ከስታዲየም ጩኸት በቀር ጭጭ! ሰኞ ዕለት ዋና ዳይሬክተሩ ቲም ዴቪ ለተፈጠረው መስተጓጎል ይቅርታ ጠየቁ፤ ሊኒከርም ተመለሰ።

ሰውየውን መልአክ አላደርገውም። በዓመት 1.35 ሚሊዮን ፓውንድ ገደማ ይከፈለው የነበረው ከሕዝብ ከሚሰበሰብ የቴሌቪዥን ክፍያ ነው፤ ስለዚህ አፉን ይጠብቅ የሚሉት ሰዎች ክርክር ውሃ አይቋጥርም አልልም። በ2025 ደግሞ ስለ ጽዮናዊነት የሚናገር፣ የአይጥ ሥዕል ያለበት መልእክት አጋራ። አይጥ ናዚዎች አይሁድን ያዋረዱበት ምስል ነው። የ1930ዎቹን ቋንቋ ያወገዘው ሰው በ1930ዎቹ ሥዕል ተሰናከለ! ሥዕሉን አላስተዋልኩም ብሎ አጠፋው፣ ይቅርታም ጠየቀ። በዚያው ሜይ ወር ከጣቢያው ተሰናበተ። ያን ጊዜ ወንበሩን ጥሎ የተከተለው አልነበረም። ባልደረባ እውነትህን እንጂ ስህተትህን አይሸከምልህም።

ይህን ሁሉ ለምን አወራለሁ? እኔም በጊዜዬ አንድ ባልደረባዬ በተናገረው ምክንያት ከማይክራፎን ሲነሳ አይቻለሁ። በማግስቱ ቦታውን ማን ሸፈነ? እኔ! የልጆቼን እንጀራ አሰብኩ፣ ዝም አልኩ። ጣቢያው አንድም ደቂቃ አልጎደለበትም። እስከ ዛሬ ያንን ወንበር አልረሳሁትም።

ድር ቢያብር አንበሳ ያስር ይባላል። ነገ ከጎናችሁ ያለው ወንበር ባዶ ሲሆን፣ እናንተስ ትቀመጡበት ይሆን?