ለግቢያችን ለም አፈር መቼና እንዴት እንጨምር?

(በነዋሪዎች ስብሰባ ላይ በማኅበሩ ጸሐፊ የተደረገ ንግግር)



ዛሬ የምናገረው ስለ አፈር ነው። «አፈር ደግሞ ምን ወሬ አለው?» የሚል ይኖራል። ባለፈው ክረምት ግን ሁለት ጎረቤታሞችን ያኳረፈው ይኸው አፈር ነው። ሐምሌ ላይ በገልባጭ መኪና መጥቶ ደጃፍ ላይ ተቆለለ፤ ዝናቡ ጠርጎ ቦዩን ደፈነው፤ ውሃው ታችኛው ቤት ገባ። አንዱ ገንዘቡን፣ ሌላው የቤት ዕቃውን አጣ። ስለዚህ ነገሩ የሁላችንም ነው።

ለም አፈር የምንለው ከላይ ያለውን፣ ጠቆር ያለውንና ቅጠልና ሥር የበሰበሰበትን ነው። አንድ ጣት የሚሆነው ተፈጥሮ እስኪያልቅ በመቶ የሚቆጠር ዓመት ይፈጃል። ታዲያ መሠረት ወይም ጉድጓድ የምታስቆፍሩ ሁሉ፣ የላይኛውን አፈር ከሥረኛው ጋር አታደባልቁ፤ ለብቻው ይቆለል። እናንተ ባትፈልጉት ጎረቤት ይፈልገዋል።

አሁን ወደ ጊዜው ልምጣ። እኛ አዲስ አበባ ስለሆንን ከሰኔ እስከ መስከረም አጋማሽ ድረስ አፈር ማስመጣት ኪሳራ ነው። ጥሩው ጊዜ ዝናቡ አባርቶ መሬቱ ጠፈፍ ሲል፣ ከመስከረም መጨረሻ እስከ ጥቅምት ነው። በግንቦት የሚሠራ ደግሞ ከባዱ ዝናብ ሳይገባ ተክሎ መጨረስ አለበት። አፈሩን በእጃችሁ ጨብጡት፤ ተድቦልቡሎ ሲነኩት ከፈረሰ ደርሷል። እንደ ሊጥ ከተጣበቀ ጠብቁ።

ከየት ይምጣ? ከጋራዥ ግቢ፣ የተቃጠለ ዘይትና የባትሪ ውሃ ከፈሰሰበት አታምጡ። ከአቃቂ ወንዝ ዳርም ቢሆን አይሆንም፤ የፋብሪካ ፍሳሽ የነካው አፈር ላይ የበቀለ ጎመን ለልጆቻችን አይበጅም።

ልኩን ለማወቅ ርዝመቱን፣ ስፋቱንና ውፍረቱን አባዙ። 4 ሜትር ርዝመት፣ 1 ሜትር ከ20 ስፋት ላለው መደብ 15 ሳንቲ ሜትር ብናለብስ፣ 20 ሊትር በሚይዝ ባልዲ 36 ባልዲ ይፈጃል። ስለሚሰጥም 5 ወይም 6 ባልዲ ጨምሩ።

አሠራሩ እንዲህ ነው።

1ኛ/ ነባሩን መሬት አንድ ስንዝር ያህል ቆፍራችሁ ጓሉን ሰባብሩ።

2ኛ/ ከአዲሱ አፈር ሲሶውን በትናችሁ ከነባሩ ጋር ደባልቁ። ሳይደባለቅ ከላይ ብቻ ቢደፋ ውሃው መሐል ላይ ይቆምና ሥር ይበሰብሳል።

3ኛ/ የቀረውን ከበሰለ ፍግ ወይም ብስባሽ ጋር አልብሱ። ትኩስ ፍግ ችግኝ ያቃጥላል። ግቢው ዋልካ የሆነበት ሰው ጥቂት አሸዋ ጨመርኩ ብሎ አይመካ፤ ዋልካን የሚያላላው ብስባሽ ነው።

4ኛ/ ውሃ በዝግታ አጠጥታችሁ የሰመጠውን ሙሉ። ከዚያ ሁለት ሳምንት ብትታገሡ አብሮ የመጣው አረም ይበቅላል፤ እሱን ነቅላችሁ ችግኙን ትከሉ፤ ዙሪያውን ጭድ ወይም ደረቅ ሣር አልብሱ።

አደራ የምላችሁ ነገር አለ። አፈር ከጭቃ ግድግዳ ጋር አታስጠጉ፤ እርጥበቱ እንጨቱን ያበሰብሳል፣ ምስጥም ይጠራል። የዛፍ ግንድም አትቅበሩ፤ ልጡ ታፍኖ ዛፉ ቀስ በቀስ ይደርቃል። ተዳፋቱ ደግሞ ከቤት ወደ ቦይ ይሁን እንጂ ወደ ጎረቤት አጥር አይሁን።

በመጨረሻ ለስብሰባው የማቀርበው ሐሳብ ይህ ነው። አፈር የሚያስመጣ ሰው አስቀድሞ ለታችኛው ጎረቤቱ ይንገር፤ መንገድና ቦይ ላይ አይቆልል፤ በ3 ቀን ውስጥ ያንሳ፤ እስከዚያው በላስቲክ ይሸፍን። ጉልበት ላነሰው ወጣቶቻችን አካፋና ዶማ ይዘው ይድረሱለት። የአንድ ቀን ሥራ ነው፤ ኩርፊያው ግን ዓመት ይፈጃል። በዚህ ላይ ሐሳባችሁን ስጡበት።



የማኅበሩ ጸሐፊ