«ኝ» የሌለችበት እግር
(በምሩቃን መሰባሰቢያ ዕለት ከቀረቡ ንግግሮች)



አዘጋጆቹ ሲደውሉልኝ «ስለ አእምሮና ስለ አካል ሃያ ደቂቃ ተናገሪ» አሉኝ። እኔ የነርቭ ሐኪም አይደለሁም፤ የሥነ አእምሮ ሐኪምም አይደለሁም። የውስጥ ደዌ ሐኪም ነኝ። ስለ አእምሮ ከኔ የተሻለ የሚያውቁ ሰዎች ከፊት ረድፍ ተቀምጠው ይታዩኛል፤ ሁለቱማ በቃል ፈተና ላብ በላብ ያደረጉኝ ናቸው። ስለዚህ ስለ አእምሮ ሳይሆን በደንብ ስለማውቀው አንድ እግር ልንገራችሁ።

ከተመረቅሁ በሁለተኛው ዓመት ምዕራብ ጎጃም እሠራ ነበር። የሥራ ቦታዬን ስም አልጠራም፤ ጥፋቱ የኔ ስለሆነ የቤቱ ስም አብሮ መነሣት የለበትም። ከፍኖተ ሰላም ብዙ አይርቅም ብል ይበቃል። ወሩ ሰኔ ነው። ከቋሪት በኩል አንድ ገበሬ መጡ፤ ዕድሜያቸው ወደ ሃምሳ ይሆናል። ጋቢያቸውን አጣፍተው፣ ዱላቸውን ግድግዳ ላይ አስደግፈው ተቀመጡና ቀኝ እግራቸውን ወደኔ ዘረጉ። የዘረጉት ደግሞ እንደ እግር አልነበረም። ገበያ ይዘውት እንደመጡት ዕቃ ነበር። መርገጫው ላይ የሲኒ አፍ የሚያህል ቁስል አለ።

«ምን ሆኑ አባቴ?»

«እግሩ ቆስሏል።»

«ያምዎታል?»

«ኧረ የለም፤ ምንም አይል።»

ካርዱ ላይ እንደተማርነው በእንግሊዝኛ ጻፍኩ፦ የእግር ቁስል፣ ሕመም የለውም። እውነቱን ለመናገር ደስ ብሎኛል። በር ላይ ሃምሳ ሰው ተሰልፎ ሳለ «አያምም» የሚል ሰው እንዴት ያለ በረከት ነው! አጠብን፣ አሸግን፣ ክሎክሳሲሊን አዘዝኩ፣ «እግርዎን ይጠብቁ» ብዬ ሸኘሁ። በሦስት ሳምንት ተመለሱ። አሁንም አጠብን፣ አሸግን፣ ሸኘን። በሦስተኛው ጊዜ ቁስሉ ሰፍቶ፣ ፋሻው ውስጥ ጭቃ ገብቶ፣ ሁለት ጣት ጠቁሮ ሳይ ተቆጣሁ። በአባቴ ዕድሜ ያሉ ሰው ላይ ጮህኩ። «ይህን እግር ምን ቢያደርጉት ነው? የራስዎ ነው ወይስ የጠላት?»

ሰውየው አልተቀየሙኝም። ፈገግ ብለው «እሱን ተይው ልጄ፤ እሱ ድሮ ነው የሄደው» አሉ።

ይህን ሲሉ ቁስል ያጥብ የነበረው ጡረታ ሊወጣ ጥቂት የቀረው ጤና ረዳት ቀና አለ። ከጋውኔ ኪስ እስክሪብቶዬን ወሰደና «አባባ፣ ዓይንዎን ይጨፍኑ። ስነካዎ ቦታውን በጣትዎ ያሳዩኝ» አላቸው። ግንባራቸውን ነካ፤ አሳዩ። ጉልበታቸውን ነካ፤ አሳዩ። ቀኝ እግራቸውን ነካ፤ ዝም። ተረከዙን፣ የጣቶቹን ሥር፣ የውስጥ እግሩን ጫን ጫን አደረገ። ሰውየው ዓይናቸውን እንደጨፈኑ በትዕግሥት ጠበቁና «ጀምር እንጂ» አሉ።

እኔ እዚያው ቆሜአለሁ። «ጀምር እንጂ» የምትለውን ቃል ስንት ዓመት አለፋት፤ አሁንም ትሰማኛለች።

ሸሚዛቸውን ሲያነሡ ጀርባቸው ላይ ፈዘዝ ያለ ለምጥ የመሰለ ምልክት አለ፤ እሱም አይሰማም። ክርናቸው ሥር ያለው ነርቭ እንደ ገመድ ወፍሯል። ሥጋ ደዌ ነው። በፈተና ላይ ተጠይቄ መልሼዋለሁ። ቆላድባ ለቲም ትሬኒንግ ስንወጣም አንድ ታማሚ አይተን ነበር፤ ቲም ትሬኒንግ የወጣችሁ ሁሉ መሬት ላይ ተቀምጣችሁ ስንት ነገር እንዳያችሁ ታስታውሳላችሁ። ነገር ግን «አልቋል» የተባለ በሽታ በር ከፍቶ ሲገባ ማን ያውቀዋል? በነገራችን ላይ አላለቀም። በዓለም ደረጃ ሥርጭቱ ከ10,000 ሰው ከአንድ በታች ወረደ ተብሎ የታወጀው እ.ኤ.አ. በ2000 ነው። አገራችን ግን ከዚያ ወዲህም በየዓመቱ አዳዲስ ታማሚዎችን በሺዎች ስትመዘግብ ኖራለች።

አሁን ወደ ርዕሱ ልግባ። እስቲ ሁላችሁም ዓይናችሁን ጨፍኑ። ቀኝ እጃችሁን ወደ ላይ አንሡና አመልካች ጣታችሁን አፍንጫችሁ ጫፍ ላይ አሳርፉ። (ፕሮፌሰር፣ እርስዎም!) አገኛችሁት? ዓይናችሁ አልመራችሁም። እንግሊዛዊው ቻርልስ ሸሪንግተን እ.ኤ.አ. በ1906 ስም ያወጣለት ስሜት አለ፤ ጡንቻ፣ ጅማትና መገጣጠሚያ «እዚህ ነኝ፣ እንዲህ ታጥፌአለሁ» እያሉ ሳያቋርጡ ለአንጎል የሚልኩት ወሬ ነው። አንጎል ይህንና ከቆዳ የሚመጣውን ወሬ ተቀብሎ የራሱን ካርታ ይሥላል። በሞንትሪያል ዋይልደር ፔንፊልድ በ1930ዎቹ የንቁ ታማሚዎችን አንጎል በኤሌክትሪክ እየነካካ ያንን ካርታ አሳይቶናል፤ ከንፈርና እጅ ሰፊ ርስት ይዘው፣ ጀርባ ጠባብ ቁራሽ የተሰጠው ካርታ ነው።

ታዲያ አንዱ አገር ወሬ መላክ ሲያቆም ምን ይሆናል? የኔ ገበሬ ነግረውኝ ነበር፤ አልሰማሁም እንጂ። «እግሩ ቆስሏል» ነው ያሉት።

አማርኛችን እዚህ ላይ ከመማሪያ መጽሐፋችን ይቀድማል። እንግሊዝኛ ተናጋሪው ራስ ምታት «አለው»፤ ልክ ጃኬት እንዳለው። እኛ ግን «ራሴን አመመኝ» ነው የምንለው። ራበኝ፣ ጠማኝ፣ በረደኝ፣ ደከመኝ። አድራጊው ማን እንደሆነ አይታወቅም፤ ብቻ የሆነ ነገር መጥቶ እኔን አገኘኝ። የምትገርመው መጨረሻ ላይ ያለችው «ኝ» ናት። ራሴም፣ እኔም በአንድ ግሥ ላይ ተገናኝተናል። ጭንቅላቱ ብቻ አይደለም የታመመው፤ እኔም ብቻዬን አይደለሁም። አእምሮና አካል የት ይገናኛሉ ብላችሁ ብትጠይቁኝ፣ እዚያች «ኝ» ላይ ነው እላለሁ።

የምዕራብ ጎጃም ሰው ደግሞ በዚህ ይራቀቃል። ጎኔን ይወጋኛል፣ ራሴን ይፈልጠኛል፣ ሆዴን ይቆርጠኛል፣ እግሬን ይነዝረኛል፣ ይጠዘጥዘኛል፣ ይወረኛል። «ይነዝረኛል» ያለ ሰው ስለ ነርቩ እየነገራችሁ ነው። «ይቆረጣጥመኛል» ያለው ስለ ሌላ ነገር። እኛ ሁሉንም በአንድ የእንግሊዝኛ ቃል ጠቅልለን ካርድ ላይ እናሰፍራለን፤ ከዚያ በሞርኒንግ ስብሰባ ላይ «የሕመሙ ዓይነት ምንድን ነው?» ተብለን እንፋጠጣለን። ታማሚው እኮ በር ላይ ተናግሮት ነበር! የዛሬ መምህራን ተማሪዎቻችሁ የመጀመሪያውን መስመር ታማሚው እንዳለው በአማርኛ እንዲጽፉ ብታደርጉ እኔ በበኩሌ አጨበጭባለሁ።

ያ ገበሬ ግን «እግሬን» አላለም፤ «አመመኝ»ም አላለም። «እግሩ»፣ «እሱ»፣ «ሄደ» ነው ያለው። እሱን ሰድቤ «የራስዎ ነው ወይስ የጠላት?» ስል መልሱን ራሴ ተናግሬው ነበር። የራሱ አልነበረም። ካርታው ላይ ያ ቁራሽ መሬት ባለቤት አጥቶ ነበር።

ሥጋ ደዌን የሚያመጣውን ተዋህሲ ኖርዌያዊው ሃንሰን እ.ኤ.አ. በ1873 አገኘው። ተዋህሲው ቀዝቀዝ ያለውን የሰውነት ክፍልና ከቆዳ ሥር ያለውን ነርቭ ይወዳል። ሕዝቡ ግን፣ ሐኪሙም ጭምር፣ ሥጋን ቆርሶ የሚበላ አድርጎ ሲያየው ኖሯል። ፖል ብራንድ የተባለ ቀዶ ሐኪም ከ1946 ጀምሮ ሕንድ አገር ቬሎር ውስጥ ሲሠራ ነው ነገሩ የተገለበጠው። ጣት በበሽታው ብቻ በስብሶ አይወድቅም። ሰውየው ትኩስ ድስት ይዞ አይለቅም፤ ጫማው ውስጥ ጠጠር ይዞ ቀኑን ሙሉ ይሄዳል፤ ምድጃ ዳር ተኝቶ እግሩ ሲቃጠል አይነቃም። ቁስሉን የሚያመጣው የሕመም አለመኖር ነው።

ብራንድ በኋላ አሜሪካ ሳለ ከመሐንዲሶች ጋር ሰው ሠራሽ ሕመም ሊሠራ ሞከረ። ጓንትና ካልሲ ውስጥ ግፊት የሚለካ ነገር አስገቡ፤ ግፊቱ ሲበዛ ማስጠንቀቂያ ይሰጣል። ታማሚዎቹ ማስጠንቀቂያውን አይተው ሥራቸውን ቀጠሉ። ቢጨንቀው ስሜታቸው ባልጠፋበት ቦታ ላይ በኤሌክትሪክ የሚያስደነግጥ አደረገው። አንድ ነገር ለማድረግ ሲፈልጉ ማሽኑን አጥፍተው፣ ሠርተው፣ መልሰው አበሩት። ሥራው ተተወ። እኔ ስለዚህ ነገር ሳነብ አእምሮዬ የሄደው ቋሪት ነው። ሰውየው እግራቸው እንደቆሰለ ያውቁ ነበር፤ ዓይን አላቸው፣ ሽታውም ይሸታቸዋል። ዕውቀቱ አልጎደለም። «ኝ» ናት የጎደለችው።

እዚያው ወረዳ ሌላ እግር አለ። በባዶ እግሩ ቀይ አፈር የሚያርስ ሰው ዝሆኔ ሲጀምረው እግሩ ገና ሳያብጥ «ያቃጥለኛል፣ ያሳክከኛል» ይላል። ኧርነስት ፕራይስ አዲስ አበባ አለርት በሠራበት ዘመን ነው ይህ እብጠት ከትንኝ ሳይሆን ከአፈሩ እንደሚመጣ ያሳየው። አለርት የተቋቋመው ለሥጋ ደዌ፣ በ1958 ዓ.ም. ነው። አንድ ቤት ሁለት እግር አስተማረን፦ አንዱ አብዝቶ የሚናገር፣ ሌላው ጭራሽ የዘጋ። የሚናገረውንም ቢሆን «ድካም ነው» ብለን ስንት ጊዜ መለስነው።

ደግሞ የዚህ ሁሉ ግልባጭ አለ። በቡሬ መንገድ በመኪና አደጋ አንድ እግሩን ከጉልበቱ በታች ያጣ ወጣት ነበር፤ የጭነት መኪና ረዳት። ቤተሰቡ የተቆረጠውን እግር ወስዶ ቀብሮታል። ልጁ ሌሊት ሌሊት አይተኛም። ለነርሶቹ «ቁስሉ ነው» ይላቸዋል። አንድ ማታ ተረኛ ሆኜ ሳለፍ ጎንበስ በይ አለኝና በሹክሹክታ «ዶክተር፣ የሌለው እግሬ አውራ ጣቱን ያሳክከኛል። አበድኩ እንዴ?» አለኝ። እናቱ ደግሞ ለብቻቸው ጠርተውኝ፣ «ምናልባት አጣመን ቀብረነው ይሆን?» ብለው ጠየቁኝ። አሜሪካዊው ሐኪም ዋይር ሚቸል ከእርስ በርስ ጦርነታቸው በተመለሱ ወታደሮች ላይ ይህንኑ አይቶ ከ150 ዓመት በፊት ጽፎታል። አላበደም። አካሉ ሄደ እንጂ በካርታው ላይ ያለው ርስት አልተነጠቀም። መስታወት ተውሰን፣ ጤነኛውን እግር በመስታወት እያየ እንዲያንቀሳቅስ አደረግነው፤ ራማቻንድራን በ1990ዎቹ ያመጣው ዘዴ ነው። ለሁለት ሳምንት ያህል ተኛ። ከዚያ ተመለሰበት። ተአምር ነው አልልም። ግን «ይህ የታወቀ ነገር ነው፣ ስም አለው» ያልኩት ዕለት ከመስታወቱ በላይ የረዳው ይመስለኛል። እናቱም አልቅሰው ተነሡ።

እንግዲህ ሁለት ሰዎች፦ አንዱ እግር አለው፣ «ኝ» የለውም። ሌላው እግር የለውም፣ «ኝ» አለው።

ወደ ገበሬው ልመለስ። ሁለቱ ጣቶች ተቆረጡ። የሦስቱን መድኃኒቶች ቅንጅት ለ12 ወር በነፃ ወሰዱ፤ ተዋህሲው ጠፋ። ስሜቱ አልተመለሰም። ነርቭ ሥራውን ካቆመ ስድስት ወር ሳይሞላው ቢደረስበት በፕሬድኒሶሎን የመመለስ ተስፋ አለው። እሳቸው መጀመሪያ ሲመጡ ስንት ጊዜ እንደሆናቸው አልጠየቅኋቸውም ነበር፤ ስለዚህ እነዚያ ሳምንታት ምን እንዳስከፈሏቸው ዛሬም በትክክል አላውቅም። እስክሪብቶ ግን ኪሴ ውስጥ ነበረች።

ያ ጤና ረዳት ማታ ማታ እግራቸውን ታጥበው በብርሃን እንዲፈትሹ፣ ጫማቸውን ከማጥለቃቸው በፊት ውስጡን በእጃቸው እንዲዳብሱ አስተማራቸው። እኔ አልጠበቅሁም ነበር፤ ማሽኑን ያጠፉት ሰዎች ትዝ ይሉኛላ። በዓመቱ ግን ገበያ ውለው መጡ፤ ኮንጎ ጫማቸውን በእጃቸው ይዘው፣ በአንድ እግር እያነከሱ። ደነገጥኩና «ቆሰሉ?» አልኳቸው። «የለም፤ ይችን አግኝቼ ነው» ብለው ከጫማው ሶል ዘልቃ ወደ ውስጥ ብቅ ያለች ሚስማር አሳዩኝ። ሲዳብሱ አግኝተዋት፣ ከዚያ ወዲያ አላጠለቁትም።

«ታዲያ እንዴት ነው አሁን እግርዎ?» ብዬ ጠየቅኋቸው።

ትንሽ አሰቡ። «እግሬ እንደሆን ያው ነው፤ አይሰማም። አሁን በዓይኔ ያመኛል» አሉና፣ ሚስማሯን መንቀያ ጉጠት እንዳለን ጠየቁኝ።