ስላልተነገረ ፍቅር
(በማኅበራችን ዓመታዊ ስብሰባ ላይ የቀረበ ንግግር)



ስለ ብረትና ስለ ሲሚንቶ መነጋገር ለለመደ ጉባኤ ስለ ፍቅር ልናገር መነሣቴ እንግዳ ነገር መስሎ ሊታይ ይችላል። ነገር ግን ከመካከላችን ብዙዎች የዓመቱን እኩሌታ «ሳይት» በምንለው ሥፍራ እያሳለፉ ትዳራቸውን የሚመሩት በስልክ ነው። በስልኩ የሚባለውም የታወቀ ነው፤ «ልጆቹ ደኅና ናቸው? ገንዘቡ ደረሰሽ?» ከዚያ በኋላ ዝምታ ይሆናል።

ይህ ዝምታ ፍቅር ማጣት አይደለም። በአገራችን ባልና ሚስት ፍቅራቸውን ከቃል ይልቅ በሥራ ሲገልጹ ኖረዋል። ሚስት እራቷን ሳትቀምስ ባልዋን ትጠብቃለች፤ እርሱም ጉርሻውን ለእርስዋ ያስቀድማል። «ዝም አይነቅዝም» የሚለው ተረትም ይህንኑ ጠባይ ያጸናል። ሆኖም ጉርሻ በስልክ አይላክም። እጅ ከማይደርስበት ርቀት የሚደርሰው ቃል ብቻ ነው።

በ1958 ዓ.ም. በታተመው በክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» ውስጥ በዛብህና ሰብለ ወንጌል ፍቅራቸውን የሸሸጉት በምክንያት ነበር። እርሱ የድኻ ልጅ፣ እርስዋ የፊታውራሪ መሸሻ ልጅ ስለ ነበሩ፣ የምሥጢሩ መውጣት ብዙ ያስከፍላቸው ነበር። በእኛ ቤት ግን ፊታውራሪ መሸሻ የለም። ታዲያ ማንን ፈርተን ነው የምንሸሽገው?

ሙያችን አንድ ነገር ያስተምረናል። ወፍራም ኮንክሪት ሲጠነክር ከውስጡ ሙቀት ያመነጫል። ላዩ ፈጥኖ ሲቀዘቅዝ ውስጡ ለብዙ ጊዜ እንደ ጋለ ይቆያል። የሚሰነጥቀውም በውስጡና በላዩ መካከል ያለው የሙቀት ልዩነት ነው። ስለዚህ ሙቀት መለኪያ ቀብረን በየጊዜው እናነባለን። ልቡ ግሎ ፊቱ የቀዘቀዘ ሰውም ትዳሩን የሚሰነጥቀው እንዲሁ ነው። በትዳር ጓደኛ ልብ ውስጥ ግን መለኪያ አይቀበርም፤ የሚታየው ላዩ ብቻ ነውና «ቀዝቅዟል» ብላ ብትፈርድ አያስወቅሳትም።

«ካልተናገሩ ደጃዝማችነት ይቀራል» ይባላል። ሹመት ቢቀር ሌላ ሹመት ሊመጣ ይችላል፤ በዝምታ የራቀን ልብ መመለስ ግን ከባድ ነው። እንግዲህ ዛሬ ማታ ስንደውል፣ የገንዘቡን መድረስ ከጠየቅን በኋላ አንድ ቃል እንጨምር። ያማረ ንግግር አያስፈልግም፤ «ናፍቀሽኛል» ወይም «ናፍቀኸኛል» ማለት ይበቃል።