ቅጣት ከመጻፋችን በፊት ቤቷ እንሂድ
(በቢዮ አዋሌ በአባላት ስብሰባ ላይ የቀረበ ንግግር)



ዛሬ የምናገረው በተማሪ፣ በወላጅና በመምህር ላይ ስለሚደርስ የድብርት ሕመም ነው። እኛ ዘንድ "ድብርት ይዞኛል" ብሎ የሚመጣ ሰው ጥቂት ነው። "ራሴን ያመኛል፣ እንቅልፍ እምቢ አለኝ፣ ሐሳብ በዛብኝ" ነው የሚባለው። በኦሮምኛ "ያዶ"፣ በሶማልኛ "ወልወል" እንላለን። ስለዚህ ምልክቱን ማወቅ ይበጀናል።

ዘመድ ሲሞት ወይም ዝናብ ሲቀር ማዘን በሽታ አይደለም። ሕመም ነው ብለን የምንጠረጥረው መከፋቱ ወይም ለነገር ሁሉ ፍላጎት ማጣቱ ቀኑን ሙሉ፣ በየቀኑ ማለት ይቻላል፣ ቢያንስ 2 ሳምንት ሲቆይ ነው። እንቅልፍና ምግብ ይዛባል፣ ጉልበት ይከዳል፣ ሐሳብ አይሰበሰብም፣ ሰው "እኔ ዋጋ የለኝም" ይላል፣ ሥራውም ይስተጓጎላል።

ተማሪ ከማልቀስ ይልቅ ሊነጫነጭና ሊቆጣ ይችላል። ጨዋታ ይተዋል፣ ውጤቱ ይወርዳል። ቤት "ሰነፍ"፣ ትምህርት ቤት "ባለጌ" ይባላል። እናት ደግሞ በተለይ ከወለደች በኋላ ሲይዛት ሕፃኑን ማጥባት እንኳ ተራራ ይሆንባታል። ያኔ የቤቱ ሥራ በትልቋ ልጅ ላይ ይወድቃል፤ ውሃ የምትቀዳው እሷ ናት፣ ከትምህርት የምትቀረውም እሷው። ከቤተሰቡ ርቆ ገጠር የተመደበ መምህር ክፍል ገብቶ ይወጣል እንጂ ከሰው ይሸሻል። በጫት ሊረሳው ይሞክራል፤ ምርቃናው ሲበርድ ግን ዱካኩ ይብስበታል። የታመመ መምህር ደግሞ የታመመ ተማሪውን አያይም። እንዲህ እያለ የአንዱ ሕመም ወደ ሌላው ይደርሳል።

እኛ ግን በየሳምንቱ እንገናኛለን። ማን እንደቀረች፣ ማን ቁጠባዋን እንዳቋረጠች፣ ማን ዝም እንዳለች ከእኛ ቀድሞ የሚያውቅ የለም። የቀረችውን ለመቅጣት መዝገቡን እናወጣለን። የዛሬው ሐሳቤ አጭር ነው፤ አንዲት አባል በተከታታይ 2 ጊዜ ስትቀር ቅጣቱ ከመጻፉ በፊት 2 ሴቶች ቤቷ ይሂዱ። ስለ ገንዘቡ አያንሱ። "እንዴት ነሽ? እንቅልፍሽስ?" ብለው ይስሟት። "አይዞሽ፣ ጠንክሪ" ብቻ ብሎ መመለስ አይበቃም፤ ልብስ ቢያጥቡላት፣ ጤና ጣቢያ ቢያደርሷት ይበልጣል። የሰማነውን ቡና ላይ አናውጣው። ጸበልም ዱዓም ለምትሻ ከሕክምናው ጎን ይሁንላት።

"መኖር ሰለቸኝ" የሚል ካለ በግልጽ "ራስህን ለማጥፋት ታስባለህ?" ብላችሁ ጠይቁ። መጠየቅ ሐሳቡን አይተክልበትም። "አዎ" ካለ ብቻውን አትተዉት፤ የተባይ መርዝና ገመድ ከአጠገቡ አርቁ፤ በዚያው ቀን ወደ ሕክምና ውሰዱት።

ሕመሙ ይድናል። ምክር ብቻ የሚበቃው አለ፣ መድኃኒት የሚያስፈልገውም አለ። መድኃኒቱ ለውጥ ለማሳየት ጥቂት ሳምንታት ስለሚፈልግ "አልሠራልኝም" ተብሎ በሳምንቱ አይቆረጥም።

"ይህ የሐኪም እንጂ የእኛ ሥራ አይደለም" የምትሉ ትኖራላችሁ። ዚምባብዌ ውስጥ ዶክተር ዲክሰን ቺባንዳ እ.ኤ.አ. በ2006 በሐራሬ 14 አያቶችን አሠልጥነው በጤና ጣቢያ ደጅ አግዳሚ ላይ ሰው እንዲያዳምጡ አደረጉ። እዚያም ሕመሙ የሚጠራው "ሐሳብ ማብዛት" ተብሎ ነው። እ.ኤ.አ. በ2016 በታተመ ጥናት 573 ሰዎች ታይተው ነበር። ከ6 ወር በኋላ የድብርት ምልክት የቀረባቸው በአግዳሚው ከታገዙት ከ100 ወደ 14፣ በተለመደው አገልግሎት ከታዩት ግን ከ100 ወደ 50 ነበሩ። እነዚያ አያቶች እንደ እኛው የሰፈር ሴቶች ናቸው።

ደጋፊዎቻችንን የምንለምነው ለጠያቂዎቹ ሴቶች ሥልጠና፣ ሕክምናው ከተማ ለሆነባትም የመኪና ሒሳብ ነው። አባላት ደግሞ የቅጣቱን ደንብ በሚቀጥለው ስብሰባ እንወስንበት። እስከዚያው ከመካከላችን ዛሬ ያልመጣችው ማን ናት? ከዚህ ስንወጣ ወደ እሷ ጎራ እንበል።