ሰፈር ቢርቅም ማኅበር አይፍረስ

(ለማኅበራችን ጠቅላላ ጉባኤ የቀረበ ንግግር)



ዛሬ የምንወስነው አንድ ከባድ ጉዳይ አለ። ከጉለሌ ለቀው ሩቅ ኮንዶሚኒየም የገቡ እህቶቻችን አባልነታቸው ይቀጥል ወይስ ይቋረጥ? ደንባችን «የአካባቢው ነዋሪ» ይላል። ድምፅ ከመስጠታችን በፊት፣ «ወገኔ ማን ነው?» የሚለውን ጥያቄ በሥራቸው ያነሱ ሦስት የአገራችንን ልጆች እናስታውስ።

ለምን ሲሳይ ኢትዮጵያዊት እናት እንግሊዝ አገር የወለደችው ገጣሚ ነው። ያደገው በማደጎ ቤተሰብና በሕፃናት ማሳደጊያ፣ ኖርማን እየተባለ ነው። ትክክለኛ ስሙ ለምን መሆኑን ያወቀው ወጣት ሲሆን፣ ከልደት የምስክር ወረቀቱ ላይ ነው። ስሙን መልሶ ያዘ፤ እናቱንም ፈልጎ አገኘ።

በ2016 ዓ.ም. ኢትዮጵያ ጣሊያን አገር በሚካሄደው የቬኒስ ቢየናሌ የሥነ ጥበብ ትርኢት ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ የራሷን አዳራሽ ስትከፍት አዘጋጁ ይኸው ለምን ነበር። ሥዕሎቹ የተስፋዬ ኡርጌሳ ናቸው። ተስፋዬ አዲስ አበባ ተወልዶ፣ ጀርመን ተምሮና ለዓመታት ኖሮ የተመለሰ ሠዓሊ ነው። በሥዕሎቹ ሰዎች እጅና እግራቸው ተጠላልፎ ይታያል፤ የአንዱ ገላ የት አልቆ የሌላው የት እንደጀመረ መለየት ያስቸግራል።

ኤልያስ ስሜ ደግሞ እዚሁ አዲስ አበባ ይሠራል። የተጣለ አዝራርና የኮምፒውተር ሽቦ ከመርካቶ ምናለሽ ተራ ይሰበስባል፤ ሰፍቶና ጎንጉኖ ግድግዳ የሚሞላ ሥራ ያደርገዋል። ይህ ለሽሮ ሜዳ ሸማኔም ሆነ ለእኛ ፈታዮች እንግዳ አይደለም። ጥጡ ከየትም ይምጣ፣ አንዴ ተፈትሎ ከተሸመነ የአንድ ጋቢ ነው።

የራቁት እህቶቻችን ቁጠባውን አብረውን የጀመሩ፣ ለቅሶ አብረውን የተቀመጡ፣ ለብድር ዋስ የሆኑልን ናቸው። መታወቂያቸው ላይ ወረዳው ስለተቀየረ ይህ አይፋቅም።

ሥጋቱም እውነት ነው። የራቀ ሰው ስብሰባ ይቀራል፤ ብድር ማስመለስም ያስቸግራል። ስለዚህ ኮሚቴያችን የሚያቀርበው ሐሳብ ይህ ነው፦ መዋጮአቸውን በባንክ ወይም በቴሌብር ይክፈሉ፤ በሦስት ወር አንዴ በአካል ይገኙ፤ አባልነታቸው ይቀጥል። ደጋፊዎቻችንም ድጋፋችሁን በወረዳ ወሰን እንዳትገድቡብን እንለምናለን።

እጃችሁን ስታነሡ፣ ዛሬ ሁለት ታክሲ ቀይረው መጥተው በር ላይ ውሳኔያችንን የሚጠብቁትን እህቶቻችንን አስቡ።