«አድዋ»ን እየወደድን «አድዋ»ን አንስረቅ

(በወርሃዊ የወጣቶች መድረካችን የቀረበ ንግግር)



ዛሬ ስለ ባዕድ ጠላት አላወራም። የማወራው ስለ ራሳችን ነው።

ባለፈው የካቲት 23 በቴሌግራም ግሩፓችን ላይ አንድ ልጅ የኃይሌ ገሪማን «አድዋ» ዘጋቢ ፊልም ሙሉውን ለቀቀው። ከሥሩ ባንዲራ አድርጎ «ሼር አድርጉ፣ ታሪካችሁን እወቁ» ብሎ ጻፈ። እኔም ሼር አደረግሁ። ማታ ላይ አንዲት እህታችን «ባለቤቱን አስፈቅዳችኋል?» ብላ ጠየቀች። ማናችንም አልመለስንላትም።

ኃይሌ ማን ነው? ከጎንደር ተነስቶ አሜሪካ ገብቶ ለሆሊውድ ሳያጎበድድ የኖረ ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ1993 «ሳንኮፋ»ን ሲያወጣ የአሜሪካ አከፋፋዮች ፊት ነሱት። አዳራሽ እየተከራየ፣ ከከተማ ከተማ እየዞረ ራሱ አሳየው። ፊልሙ የቆመው ሕዝብ በከፈለው ቲኬት ነው። «ጤዛ» ደግሞ ከብዙ ዓመት የገንዘብ ፍለጋ በኋላ ተሠርቶ በ2008 ቬኒስ ላይ ተሸለመ፤ በዓመቱም የፌስፓኮን ታላቅ ሽልማት ወሰደ።

አያችሁ፣ የሆሊውድ ፊልም ቢሰረቅ ከኋላው ሀብታም ስቱዲዮ አለው። የእኛ ባለሙያ ግን ያለው ቲኬቱ ነው። አንዱ ሲኒማ ቤት ቁጭ ብሎ በሞባይል ይቀርጽና ይለቀዋል። ቻናሉ ተከታይ ያፈራበታል፣ ማስታወቂያ ይሸጥበታል። ፕሮዲውሰሩ ዕዳውን ይቆጥራል።

ታዲያ ቀጥሎ ምን ይሥራ? ፈረስ፣ የዘመን ልብስ፣ የገጠር ቀረጻ የሚጠይቀውን ታሪክ ይተወዋል። አንድ ቪላ ተከራይቶ ቶሎ የሚያልቅ የፍቅር ኮሜዲ ይሠራል። ከዛ እኛው ዞረን «የአበሻ ፊልም ቁም ነገር የለውም» እንላለን! የቅርብ ጠበል ልጥ ይራስበታል ማለት ይሄ ነው።

«ክፍለ ሀገር ሲኒማ እንደ ልብ የለም፣ ውጭ ያለውስ ከየት ያገኛል?» የምትሉ አላችሁ። እውነት ነው። ግን ባለመብቱን አስፈቅደን፣ አዋጥተን፣ አዳራሽ ይዘን አብረን ማየት እንችላለን። ኃይሌስ «ሳንኮፋ»ን ያሳየው በአዳራሽ አይደል? የቅጂ መብት አዋጅ ቁጥር 410/1996 ከወጣ ሃያ ዓመት አልፎታል። ሕግ ግን በየስልካችን ውስጥ ዘበኛ አያቆምም። ዘበኛው እኛው ነን።

እኔ ሼር ያደረግሁትን አጥፍቻለሁ። እናንተም ዛሬ ማታ አጥፉ። ለመጪው የካቲት 23 ደግሞ ከአሁኑ ፈቃድ እንጠይቅና ከፍለን እንይ።

አያቶቻችን አድዋ የዘመቱት ስንቃቸውን ከየቤታቸው ይዘው ነው። ከእኛ የሚፈለገው ስንቅ አንድ ቲኬት ነው። እሱን እንኳ ከነፈግን «ታሪካችን» ብለን ባንጮህ ይሻላል።

ኢትዮጵያ ለዘላለም ትኑር!