የጨዋታ ገንዘብ ቀሪ ሒሳብ በማን መዝገብ እንደሚጻፍ

(በሬዲዮ የተነገረ)



ዛሬ የምንነጋገርበት ጉዳይ በመጀመሪያ ሲሰሙት የልጆች ነገር ይመስላል። ነገር ግን በዘመሮ ከተማ በመንግሥት ሥራ ላይ የሚገኙ አንድ አባት የላኩልን ደብዳቤ፥ ነገሩ የልጆች ብቻ አለመሆኑን ያስረዳል። እኚህ አባት እንደሚሉት፥ የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ የሆነው ልጃቸው በእርሳቸው የእጅ ስልክ ከቴሌብር ሒሳባቸው 900 ብር ልኮ፥ በኢንተርኔት ለሚጫወተው ጨዋታ የሚያገለግል 1000 የጨዋታ ገንዘብ ከአንድ ሻጭ ገዛ። ሻጩን የመረጠበት ምክንያት ከሌሎቹ ይልቅ በርካሽ ስለሰጠው ነው። የተገዛው ገንዘብ በዚያው ቀን በስልኩ ላይ ታየ፤ ልጁም ግማሹን ለጨዋታው ጀግና ልብስና የጦር መሣሪያ አዋለው። በአምስተኛው ቀን ጨዋታውን ቢከፍት፥ የቀረው ሁሉ ጠፍቶ ሒሳቡ ከዜሮ በታች 500 ሆኖ አገኘው። አባትየውም፥ «ብሩ ከእኔ እንደ ወጣ የቴሌብር መልእክት ይመሰክራል፤ የተገዛውም መድረሱን በዓይኔ አይቻለሁ፤ ታዲያ ማን ወሰደው? ዕዳውስ ከየት መጣ?» ሲሉ ይጠይቃሉ።

ለዚህ ጥያቄ ተገቢውን መልስ ለመስጠት፥ አስቀድሞ የጨዋታ ገንዘብ ምን እንደሆነና ቀሪ ሒሳቡም በምን አኳኋን እንደሚያዝ መግለጽ ያስፈልጋል።

ገንዘብ ሁልጊዜ ብርና ወረቀት እንዳልነበረ ለመንዝ፥ ለግሼና ለመርሐ ቤቴ ሰው ማስረዳት አያሻም። አያቶቻችን በአሞሌ ጨው ሲገበያዩ ኖረዋል። አሞሌ በአፋር ምድር ከሚገኘው የጨው ሜዳ ተፈልጦ፥ በግመልና በአጋሰስ ተጭኖ ወደ ደጋው ይወጣ ነበር። ከመነሻው በራቀ መጠን ዋጋው ይጨምራል፤ ዝናብ ሲነካው ይሟሟል፤ ጫፉ ሲሰበር ዋጋው ይቀንሳል። ይህ ሁሉ ጉድለት እያለበት አንድ ትልቅ ጠባይ ነበረው፤ ይኸውም በባለቤቱ እጅ የሚገኝ ዕቃ መሆኑ ነው። የሸጠው ነጋዴ ቢሞት ወይም አገር ለቆ ቢሄድ፥ በቤት ያለው አሞሌ አሞሌ እንደሆነ ይቀራል። ገበያ ቢከለክለው እንኳ ወጥ ይገባል። ዳሸን ባንክ እ.ኤ.አ. በ2018 ዓ.ም. ለእጅ ስልክ የገንዘብ አገልግሎቱ «አሞሌ» የሚል ስም ባወጣለት ጊዜ ስሙ ያማረ ነበር፤ ነገር ግን በስልክ የሚታየው ገንዘብ በጠባዩ ከጨው አሞሌ ጋር ተቃራኒ ነው።

የጨዋታ ገንዘብማ ይልቁንም የራቀ ነው። ብዙዎቻችን ቁጥሩን በስልኩ መስታወት ላይ ስለምናየው፥ ገንዘቡ በስልኩ ውስጥ የተቀመጠ ይመስለናል። በኢንተርኔት በሚካሄዱት ጨዋታዎች ግን እንዲህ አይደለም። በአገራችን ወጣቶች ዘንድ ከታወቁት ጨዋታዎች አንዱ የሆነውን ፍሪ ፋየርን ብንወስድ፥ እ.ኤ.አ. በ2017 ዓ.ም. ያወጣው ጋሬና የሚባለው የሲንጋፖር ኩባንያ ነው። የእያንዳንዱ ተጫዋች ሒሳብ የሚጻፈው ኩባንያው በሚያዝዛቸው፥ ሰርቨር በሚባሉት ዋና ኮምፒውተሮች ላይ ነው። በዘመሮ ያለው ስልክ የሚሠራው፥ «የዚህ ተጫዋች ቀሪ ሒሳብ ስንት ነው?» ብሎ ጠይቆ የተሰጠውን መልስ ማሳየት ብቻ ነው። ነገሩ የዕቁብ ጸሐፊን ደብተር ይመስላል። አንድ ዕቁብተኛ በቤቱ ግድግዳ ላይ በከሰል «አሥር ሺህ ከፍያለሁ» ብሎ ቢጽፍ፥ በጸሐፊው ደብተር ላይ ከሌለ ዳኛው አይሰማውም። የጨዋታው ልዩነት ጸሐፊውም፥ ዳኛውም፥ ገንዘብ ያዡም አንድ ሰው መሆኑ ነው።

በሒሳብ ክፍል የሚሠሩ አድማጮቻችን የሚቀጥለውን ነገር በቀላሉ ይረዱታል። በጥንቃቄ በሚያዝ መዝገብ ላይ ቀሪ ሒሳብ በራሱ የቆመ ቁጥር አይደለም፤ ከእርሱ በፊት የተመዘገቡት ገቢና ወጪዎች ውጤት ነው። ዕቃ በሞዴል 19 ገቢ ሆኖ በሞዴል 22 ወጪ እንደሚሆነው ሁሉ፥ የጨዋታ ገንዘብም ሲገባና ሲወጣ እያንዳንዱ እንቅስቃሴ ቀኑ፥ የተጫዋቹ ቁጥር፥ መጠኑና ምክንያቱ ይጻፋል። አንድ ሒሳብ የተሳሳተ መስሎ በታየ ጊዜ ኩባንያው የሚመረምረው እነዚህን መስመሮች ነው። በገንዘብ የተገዛውና በምርቃት የተሰጠውም ብዙ ጊዜ በልዩ ልዩ መስመር ይጻፋል፤ ለተጫዋቹ ግን ተደምረው ይታያሉ።

እዚህ ላይ ለደጋው ነዋሪዎች የሚጠቅም አንድ ነገር አለ። በመንዝ ተራሮች ላይ የስልክ መስመር መቆራረጡ የታወቀ ነው። አንድ ሰው «ግዛ» የሚለውን ነክቶ መስመሩ ቢቋረጥ፥ ሁለተኛ ቢነካው ሁለት ጊዜ ይከፍል ይሆን? በደንብ በተሠራ ሥርዓት አይከፍልም። ምክንያቱም እያንዳንዱ የግዢ ጥያቄ እንደ ደረሰኝ ጥራዝ የራሱ ተራ ቁጥር አለው። ዋናው ኮምፒውተር ያንኑ ቁጥር ሁለተኛ ጊዜ ሲያገኘው፥ አዲስ ሒሳብ ሳይጽፍ የቀድሞውን መልስ ይደግማል። ነገር ግን ይህ የሚረዳው ስልኩ ራሱ ያንኑ ጥያቄ ደግሞ ሲልክ ነው እንጂ፥ ሰውዬው ታክቶት እንደ አዲስ ግዢ ቢጀምር ቁጥሩም አዲስ ይሆናልና ሁለተኛ ይከፍላል። ስለዚህ መስመር ሲቋረጥ አስቀድሞ ቀሪ ሒሳቡን መመልከት ይገባል።

ከዚህ ቀጥሎ የገንዘቡን ዓይነት እንመልከት። በብዙ ጨዋታዎች ሁለት ዓይነት ገንዘብ አለ። አንደኛው በመጫወት የሚገኝ ነው፤ በፍሪ ፋየር ወርቅ ይባላል። ሁለተኛው በእውነተኛ ገንዘብ የሚገዛ ነው፤ በዚያው ጨዋታ አልማዝ፥ በፐብጂ ሞባይል ደግሞ ዩሲ ይሉታል። በስማቸው መኳንንት የሆኑ እነዚህ ነገሮች ከመዝገቡ ውጪ ምንም አይደሉም። ስሙ መለወጡ ግን በከንቱ አይደለም። ሰው 100 ብር ሲያወጣ ያስባል፤ 60 ዩሲ ሲያወጣ ግን ያንኑ ያህል አያስብም። ጥቅሉ የሚሸጥበት መጠንና የዕቃው ዋጋ ብዙ ጊዜ ስለማይገጥሙ፥ ሁልጊዜ ጥቂት ትርፍ ይቀራል፤ ያንን ላለማባከን ሌላ ጥቅል ይገዛል። የአውሮፓ ኅብረት የሸማቾች ጥበቃ ባለሥልጣኖች እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2025 ዓ.ም. ባወጡት መመሪያ፥ የዕቃው ዋጋ በእውነተኛ ገንዘብ ጭምር እንዲገለጽና ሸማቹ የማይፈልገውን ያህል እንዲገዛ እንዳይገደድ ያሳሰቡት ስለዚህ ነው።

ዋጋው በዶላር የተተመነ መሆኑም መዘንጋት የለበትም። 60 ዩሲ በ99 ሣንቲም የአሜሪካ ዶላር ይሸጣል። ከሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. በፊት በባንክ ምንዛሪ ቢታሰብ 57 ብር ያህል ነበር። በዚያ ቀን የውጭ ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ በኋላ፥ ዶላሩ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር በላይ ሆነ። በጨዋታው መስታወት ላይ ግን ምንም አልተለወጠም፤ 60 ዩሲ 60 ዩሲ ነው። ለውጡ የተሰማው በአባት ኪስ ነው።

አሁን ወደ ደብዳቤው ጥያቄ እንመለስ። የጨዋታ ገንዘብ ከጉግል ወይም ከአፕል መደብር ለመግዛት በውጭ ምንዛሪ የሚከፍል ካርድ ያስፈልጋል። ይህ በብዙ ኢትዮጵያዊ ቤት ስለሌለ፥ ወጣቶች ብር በቴሌብር ተቀብለው በተጫዋቹ ቁጥር ገንዘብ ወደሚያስገቡ ሻጮች ይሄዳሉ። ከእነዚህ መካከል በሐቅ የሚነግዱ አሉ። አንዳንዶቹ ግን የሚገዙት በተሰረቀ የሌላ ሰው ካርድ ነው። ርካሽነቱም ከዚህ ይመጣል። የካርዱ ባለቤት፥ ምናልባት በሌላ አገር ያለ ሰው፥ ያላዘዘው ሒሳብ መጻፉን አይቶ ለባንኩ ያመለክታል፤ ባንኩ ገንዘቡን ከመደብሩ ይመልሳል፤ መደብሩ ግዢው መሰረዙን ለጨዋታው ኩባንያ ያስታውቃል፤ ኩባንያውም ቀድሞ ገቢ ያደረገውን 1000 ወጪ አድርጎ ይጽፋል። ልጁ 500 አውጥቶ 500 ቀርቶት ስለነበረ፥ ከ500 ላይ 1000 ሲቀነስ ከዜሮ በታች 500 ይሆናል። በደብዳቤው ላይ የተገለጸው ቁጥር ከዚህ ጋር በትክክል ይገጥማል።

እንግዲህ የካርዱ ባለቤት ገንዘቡ ተመለሰለት፤ ኩባንያው ከመዝገቡ ላይ ጻፈና ሰረዘ እንጂ ከኪሱ ያወጣው ነገር የለም፤ ሻጩ 900 ብር ይዟል። ጉዳቱ ያረፈው በዘመሮ ነው። ለኩባንያው ቢያመለክቱ የሚያገኙት መልስ፥ «ግዢው ተሰርዟል» የሚል ብቻ ይሆናል፤ በእርሱ መዝገብ ላይ የእርሳቸው ብር ጨርሶ አልተጻፈምና። የብሩ ፍለጋ የሚገኘው በቴሌብር መልእክት ላይ ነው፤ የተቀባዩ ስምና የግብይቱ ቁጥር በዚያ አለ። መልእክቱን ሳያጠፉ ከነቁጥሩ ለፖሊስ ማቅረብ ይገባል። የይለፍ ቁጥሩን ከልጅ መሠወርም ንፍገት አይደለም።

ከዚሁ ጋር አንድ ሌላ ማታለል አለ። «የይለፍ ቃልህን ስጠን፥ አልማዝ በነጻ እንሞላልሃለን» የሚሉ ሰዎች በየጊዜው ይነሣሉ። ከላይ እንደተገለጸው መዝገቡ በኩባንያው እጅ ስለሆነ፥ እነዚህ ሰዎች ሊሞሉ አይችሉም። የሚችሉት አንድ ነገር ብቻ ነው፤ በተሰጣቸው የይለፍ ቃል ገብተው ያለውን መውሰድ።

መዝገብ ያዡ ራሱ የሚሳሳትበትም ጊዜ አለ። በጨዋታ ውስጥ ገንዘብ ከባዶ ይፈጠራል፤ ጭራቅ በተገደለ ቁጥር ወርቅ ይወለዳል። ስለዚህ የጨዋታው ሠሪዎች ወርቁን መልሰው የሚያጠፉበት መንገድ ያበጃሉ፤ ለመሣሪያ ማደሻና ለገበያ ቀረጥ የሚከፈለው ወደ ማንም ሳይሄድ ይሰረዛል። የሚፈጠረው ከሚሰረዘው ከበለጠ ዋጋ ይንራል። ብሊዛርድ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ በሚያስተዳድረው ዲያብሎ 3 በተባለው ጨዋታ ውስጥ ተጫዋቾች ዕቃና ወርቅ በሐራጅ የሚሸጡበት ገበያ ነበር። እ.ኤ.አ. በግንቦት 2013 ዓ.ም. በአንድ ጊዜ ሊሸጥ የሚችለው የወርቅ መጠን ከ1 ሚሊዮን ወደ 10 ሚሊዮን ከፍ ሲደረግ፥ ድምሩ ኮምፒውተሩ እንዲይዝ ከተመደበለት ቁጥር አለፈ። ወርቁን ለሐራጅ አቅርቦ ሽያጩን የሰረዘ ሰው ካስገባው በላይ ይመለስለት ጀመር። ኩባንያው ገበያውን ወዲያው ዘጋ፤ የተጠቀሙበትንም ሰዎች ሒሳብ መርምሮ አገደ። ያ የሐራጅ ገበያ እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2014 ዓ.ም. ለዘለቄታው ተዘግቷል፤ የዚያ ምክንያት ግን ጨዋታውን ራሱን ማበላሸቱ ነበር።

በመጨረሻ የሚነሣው የባለቤትነት ጥያቄ ነው። ተጫዋቹ ሳያነብ «እስማማለሁ» ብሎ በሚያልፈው ውል ላይ፥ የጨዋታ ገንዘብ የመጠቀም ፈቃድ እንጂ ንብረት አለመሆኑ ብዙ ጊዜ ተጽፎ ይገኛል። የጃፓኑ ኒንቴንዶ ዊ ለተባለው መጫወቻው ባቋቋመው መደብር፥ እ.ኤ.አ. ከመጋቢት 26 ቀን 2018 ዓ.ም. ጀምሮ ነጥብ መሙላት ቀረ፤ ጥር 30 ቀን 2019 ዓ.ም. መደብሩ ራሱ ተዘጋ። እስከዚያ ቀን ያልተጠቀመበት ሰው በነጥቡ ከዚያ መደብር የሚገዛው ነገር አልነበረም።

ቴሌብር ግንቦት 3 ቀን 2013 ዓ.ም. ሥራ ሲጀምር፥ የብሔራዊ ባንክ በ2012 ዓ.ም. ያወጣው መመሪያ አስቀድሞ ነበር፤ በስልክ ለሚታየው ገንዘብ ሁሉ ተመጣጣኝ ብር በባንክ እንዲቀመጥ ያዝዛል። ሁለቱም በስልክ ላይ የሚታዩ ቁጥሮች ቢሆኑም፥ ከአንደኛው በስተኋላ ብር ተቀምጧል፤ ከሁለተኛው በስተኋላ ያለው የኩባንያው ፈቃድ ነው። ጃፓን ግን የጨዋታ ገንዘብንም በሕግ ይዛዋለች። በዚያ አገር ሕግ መሠረት ተሸጦ ያልተሠራበት ቀሪ ሒሳብ ከ10 ሚሊዮን የን በላይ የሆነበት ኩባንያ፥ ቢያንስ ግማሹን በመያዣነት ማስቀመጥ አለበት፤ ኩባንያው ቢከስር ተጫዋቾቹ ከዚያ ድርሻቸውን ይጠይቃሉ። ሕጉ የማይነካው በስድስት ወር ውስጥ የሚቃጠለውን ገንዘብ ነው፤ ስለዚህም አንዳንድ ኩባንያዎች የሚሸጡት ገንዘብ ዕድሜው ስድስት ወር እንዳይሞላ አድርገው ያወጡታል።